ለአዴ ፋጡማ ያልነገርኳቸው

ይህን ለሰው ስናገር የመጀመሪያዬ ነው። ለባለቤቴ አልነገርኳትም። ለአለቆቼም አልነገርኩም። ለንስሐ አባቴ እንኳ ሌላ ሌላውን ዘርዝሬ፣ ይህን ዘልዬ፣ መስቀል ተሳልሜ ወጥቻለሁ። ሠላሳ ዓመት ያህል ሥራዬ ሰው ያልተናገረውን ማናገር ነበር። መቅረጫውን ከፊቱ አስቀምጬ፣ ዝም ብዬ፣ ዝምታው ከብዶት እስኪናገር መጠበቅ እችልበታለሁ። ራሴን ግን ዘጠኝ ዓመት ሙሉ አንድ ጥያቄ ሳልጠይቀው ኖርኩ።

ዋናውን ነገር አስቀድማለሁ፤ የለመድኩት አጻጻፍ ይህ ነው። ቦርደዴ ውስጥ አንዲት እናት ነበሩ። የጠፋች ልጃቸውን ሠላሳ ስምንት ዓመት ጠበቁ። ልጅቱ በሕይወት እንዳለች እኔ አወቅሁ። አወቅሁና አርባ አንድ ቀን አልነገርኳቸውም። በአርባ አንደኛው ቀን ሳይሰሙ ሞቱ። እኔም «ነግሬያቸዋለሁ፣ ደስ ብሏቸዋል» ብዬ ዋሸሁ። ያ ውሸት ዛሬ ባሕር ማዶ በአንድ ሙዚየም ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል። ሰዎች እየመጡ ያደንቁታል። እኔም አደንቀዋለሁ።

እንዴት እዚህ እንደደረስኩ ልንገርዎ። ለመመስከር እንጂ ለመከራከር አይደለም።

ጭሮ የገባሁት የአንድ ሬዲዮ ጣቢያ ዘጋቢ ሆኜ፣ ከሸዋ ተመድቤ ነው። ለሁለት ዓመት መጣሁ፤ እንደመጣሁ ቀረሁ። መጀመሪያ ከተዋወቅኋቸው ሰዎች አንዱ የስፖርት መምህሩ ኢብራሂም ነው። ከተማው «ኩባው» ይለዋል። በሶማሊያ ጦርነት ወላጆቻቸውን ካጡት ወይም ከወላጆቻቸው ከተለያዩት ሕፃናት ብዙዎቹ ለትምህርት ወደ ኩባ ተልከው ነበር፤ ኢብራሂም ከእነሱ አንዱ ነው። በአሥራ ሁለት ዓመቱ ሄዶ፣ ጎልማሳ ሆኖ፣ ጭሮ ውስጥ ማንም የማይመልስለትን ቋንቋ ይዞ ተመለሰ። ተማሪዎቹ ኳስ ሲስቱ በስፓኒሽ ይሳደባል፤ ልጆቹም ከእሱ ቀድመው የሚማሩት ስድቡን ነው። ጫት ተራ ባለፈ ቁጥር ነጋዴዎቹ ይነካኩታል።

«ኩባው! ዛሬም መርከብህ አልመጣችም?»

«መጥታ ነበር ወላሂ። አሰቦት ተራራ ላይ ተሰቅላ ቀረች። ወንድ ከሆናችሁ ሂዱና ግፉልኝ።»

ይስቃሉ፤ እሱም ይስቃል። ጥግ እስኪታጠፍ ድረስ ነው የሚስቀው፤ ከኋላው ስሄድ አይቻለሁ።

ኢብራሂም አንድ ደብተር አለው። በተላኩባት የኩባ ደሴት አዳሪ ትምህርት ቤት ልጆቹ ግማሹን ቀን ይማራሉ፣ ግማሹን ቀን ብርቱካን ይለቅማሉ። እሑድ እሑድ ግን ትልልቆቹ ትንንሾቹን ሰብስበው «የስም ሰዓት» ያደርጉ ነበር። እያንዳንዱ ልጅ ተነስቶ ስሙን፣ የአባቱን ስም፣ የእናቱን ስም፣ ያገሩን ስም ይናገራል። የረሳ ካለ አጠገቡ ያለው ያስታውሰዋል፤ ባለፈው እሑድ ሲናገር ሰምቶታልና። ጸሐፊው ኢብራሂም ነበር። ይህን ልማድ አስተማሪ አላዘዘም፤ ራሳቸው ልጆቹ ናቸው ያወጡት። ከእነዚያ ልጆች የበለጠ የመዝገብ ሥራ በሙያ ዘመኔ አላየሁም። በአንዱ ገጽ ላይ እንዲህ ይላል፦ «ሐሊማ። አባት፦ ባቡር ላይ ይሠራ ነበር፣ ሞቷል። እናት፦ አዮ። አገር፦ ባቡር።»

አዮ በኦሮምኛ እማዬ ማለት ነው። ሐሊማ ሰባት ዓመት ያህሏ ነበር። የእናቷን ሌላ ስም አታውቅም። አገሯም ባቡር የሚቆምበት ቦታ መሆኑን እንጂ ምን እንደሚባል አታውቅም። ከአዲስ አበባ እስከ ድሬዳዋ ባቡር የሚቆምበት ቦታ ስንት ነው? ኢብራሂም ሲመለስ ጥቂት ጠያይቆ ደከመውና ተወው።

ከዘጠኝ ዓመት በፊት፣ በድርቁ ዓመት፣ ስፔን ውስጥ ቫሌንሲያ ከምትባል ከተማ አንድ ወፍራም መጽሐፍ በፖስታ ደረሰው። ከአገራቸው የተሰደዱ ኩባውያን ሠዓሊዎችና ጸሐፊዎች በአንድነት ያዘጋጁት ኤግዚቢሽን መጽሐፍ ነው። የላከችው ሐሊማ ናት። እሷ ወደ ኢትዮጵያ አልተመለሰችም። እዚያው ቀርታ ሥዕል ተማረች። አንዲት መምህርት «ኤሌና» ብላ ያወጣችላት ስም ጸንቶ ቀረ። በኋላም እንደ ሌሎቹ ኩባውያን ተሰዳ ስፔን ገባች። ሁለት ጊዜ የተሰደደች ሴት ናት፤ የመጀመሪያውን ስደቷን ግን ወረቀቷ አያውቀውም። ፓስፖርቷ ላይ የትውልድ ቦታ ተብሎ የተጻፈው ያች ደሴት ነች።

በመምህራን ማረፊያ ክፍል ሦስት ቀን ከሰዓት በኋላ እየተቀመጥን መጽሐፉን ገጽ በገጽ አየነው። እሱ ይተረጉማል፣ እኔ እጽፋለሁ። የስደተኛ ጥበብ ሲባል ለቅሶ ብቻ ይመስለኝ ነበር። ተሳስቼ ነበር። አንዲት ሴት ሕፃን ሆና የወጣችበትን የሃቫና ቤት የወጥ ቤቱን ወለል በባለቀለም ወረቀት እንደገና አንጥፋዋለች፤ እያንዳንዱን ንጣፍ፣ ስንጥቁንም ጭምር። አንዷን ንጣፍ ግን ነጭ አድርጋ ትታታለች። በጠረጴዛው እግር ሥር የነበረች ናት። ከጎኗ «ይህችን አላየኋትም» ብላ ጽፋለች። አንዱ ደራሲ አባቱ ቆልፎት የወጣውን መሳቢያ መጽሐፍ አድርጎታል፤ በእያንዳንዱ ምዕራፍ ከመሳቢያው አንድ ዕቃ ያወጣል፣ የማያስታውሰው ሲገጥመው «እዚህ ላይ እጄ ባዶ ነው» ይላል። ሌላዋ በጨቅላነቷ የወጣች ናት፤ አንድም የራሷ ትዝታ የላትም። የእናቷን ትዝታ እየሣለች «ይህ የማን ነው? የኔ ለመሆን ስንት ጊዜ መሣል አለበት?» ብላ ትጠይቃለች።

ማስታወሻዬ ላይ «እነዚህ ሰዎች የሙያ ባልደረቦቼ ናቸው» ብዬ ጽፌያለሁ። የተነጠቁትን ነገር አጋነው አላዩትም፤ መዝግበውታል። የማያውቁትን አልፈጠሩም። ያቺ ነጭ ንጣፍ ለብዙ ቀን ከዓይኔ አልጠፋችም። ያኔ ለምን እንደሆነ አላወቅሁም።

የኤሌና ሥዕል ወደ መጨረሻው ነው ያለው። ርዕሱ «ጣቢያው» ይላል። ቢጫ ግድግዳ፣ በብረት እግር ላይ የቆመ የውሃ ታንከር፣ ሐዲዱ ላይ የተኙ ፍየሎች። አንዲት ሴት ጀርባዋን ሰጥታ ተቀምጣለች፤ ፊቷ አይታይም። ከጎኗ የወተት ጮጮ አለ። የጮጮው ማንገቻ ላይ አምስት የነሐስ አዝራሮች በተርታ ተሰፍተዋል፤ በስድስተኛው ቦታ ባዶ ክር ተንጠልጥሏል። ፀሐዩ ሊኖር በሚገባው ሰማይ ላይ ደግሞ አንድ አዝራር አለ፤ ይህኛው ሥዕል አይደለም፣ ሸራው ላይ የተሰፋ እውነተኛ አዝራር ነው። የመጽሐፉ ሐያሲ ፀሐዩ የጠፋችውን ኩባ ያመለክታል ብሎ ሁለት ገጽ ጽፏል። አንድ ሽማግሌ ተመልካች ይህ የእኔ ከተማ ጣቢያ ነው ብሎ አልቅሷል፤ አንዲት ሴት ደግሞ የለም የእኔ ነው ብላ ተከራክራዋለች። ኢብራሂም ይህን ሲያነብ ሳቁ መጣ።

«ሁሉም የራሱን ጣቢያ አየ። እኔም ያገሬን የኤረርን ጣቢያ አየሁበት፤ ታንከሯ ራሷ!»

ኤሌና ይህ የት ነው ተብላ ስትጠየቅ «የት እንደሆነ አላውቅም፤ ምን እንዳለበት ግን አውቃለሁ» ብላለች። ከዚህ ዓረፍተ ነገር ሥር አሰመርኩበት።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ድርቁን ልዘግብ ቦርደዴ ወረድኩ። ከብት አልቋል፤ ወተት ሻጮቹ ከመንገዱ ዳር ጠፍተዋል። አንዲት አሮጊት ብቻ ባዶ ጮጮ ይዘው በቦታቸው ተቀምጠዋል። የማንገቻው አዝራሮች ፀሐይ ላይ ብልጭ አሉ። አምስት ናቸው። ከዚያ ክር።

ጎንበስ ብዬ ሰላም አልኳቸው። አዴ ፋጡማ ይባላሉ፤ አዴ በአገሩ አጠራር ወይዘሮ እንደማለት ነው። አዝራሮቹ ከየት እንደመጡ ጠየቅሁ።

«የባለቤቴ ናቸው። የባቡር ልብስ። ሲሞት ልብሱን ለሰው ሰጠሁ፣ አዝራሩን አስቀረሁ።»

«አንዱ የለም እናቴ።»

«አንዱን ልጄ ወሰደችው። በጥርሷ ነው የቆረጠችው፤ ዱርዬ ናት። ሚኤሶ ጣቢያ ነን ያኔ። መልሺ ብዬ ስቆጣት ጉንጯ ውስጥ ደበቀችው። ያን ሰዓት ነው ጥይት የመጣው። ሰው ሁሉ ሮጠ።»

«ስሟ ማን ነው?»

«ሐሊማ። ትመጣለች ኢንሻአላህ። ክሩን ለሷ ተውኩላት።»

ትንሿ ልጃቸው ሙና ከኋላ ሆና በአማርኛ ጮኸችብኝ። «አንተ ጋዜጠኛ፣ በአላህ ይሄን ወሬ አታስጀምራት! ከጀመረች ፀሐይ እስክትጠልቅ፣ መግሪብ ድረስ ነው።»

የማውቀውን አልተነፈስኩም። እንዲህ ዓይነት ሰው ነኝ። ሰዓቱን አየሁ፣ ጻፍኩ፣ አመሰገንኩ፣ ወጣሁ። ከሁለት ወገን ያልተረጋገጠ ነገር ከአፌ አይወጣም። እስከዚህ ድረስ ያጠፋሁት ነገር የለም ብዬ አምናለሁ፤ ይህን የምለው ከዚህ በኋላ ያለውን በትክክል ለይተው እንዲያዩልኝ ነው።

ኢብራሂም በኢሜይል አንድ ጥያቄ ብቻ ጻፈላት፦ ሰማዩ ላይ ያለው አዝራር ከየት ነው? በሦስተኛው ቀን መልስ መጣ። «ከእናቴ ጮጮ። በጥርሴ ቆረጥኩት። እንዳትቀማኝ ጉንጬ ውስጥ ደበቅሁት፤ ስንሮጥም እዚያው ነበር። ለምን ጠየቅህ?»

አርባ አንዱ ቀን የሚቆጠረው ከዚህ መልስ ነው።

ኢብራሂም በሁለት እጁ ፊቱን ሸፍኖ አለቀሰ። እግሩ ተሰብሮ ጀሶ ላይ ስለነበር መንቀሳቀስ አይችልም። ለኤሌና ወዲያው ጻፈላት። መምጣት ፈለገች፤ ግን የኩባ ፓስፖርት፣ የስፔን የመኖሪያ ፈቃድ፣ የኢትዮጵያ ቪዛ አለ። ቅጹ ላይ የጉዞው ምክንያት ሲል «ቤተሰብ» ብላ ሞላች፤ የቤተሰብ ማስረጃ ጠየቋት። ሳምንታት እንደሚወስድ ታወቀ።

«አንተ ሂድና ንገራቸው» አለኝ ኢብራሂም። «ዛሬውኑ፣ ወንድሜ። ዛሬውኑ።»

«ዛሬውኑ» አልኩት።

ሄድኩ። ሚኒባስ ይዤ ቁልቁለቱን ወርጄ፣ ሚኤሶን አልፌ፣ ቦርደዴ ገብቼ ከአዴ ፋጡማ ፊት ተቀመጥኩ። አልነገርኳቸውም።

ለምን? ይህን ቃል ለራሴ ያላነሳሁት ዘጠኝ ዓመት ነው። በሙያችን «የመጀመሪያው ፊት» የምንለው አለ። ሰው አንድን ነገር ሲሰማ የሚያሳየው፣ ያልተዘጋጀ፣ ዳግመኛ የማይገኝ ፊት ማለት ነው። ሬዲዮ ጣቢያችን ያኔ ቴሌቪዥን ጀምሮ ነበር። ካሜራውን አሮጌው የሚኤሶ ባቡር ጣቢያ ላይ ተክዬ፣ አዴ ፋጡማን ለሌላ ወሬ ብዬ አምጥቼ፣ ኤሌና ከቢጫው ግድግዳ ጀርባ ስትወጣ ያንን ፊት ማንሳት ፈለግሁ። አለቃዬ አላዘዘኝም። ሐሳቡ የእኔ ነው። ቪዛው ቢከለከልስ፣ ልባቸው ባይችልስ የሚለውን ሁሉ በኋላ ነው ያመጣሁት። በሚኒባሱ ውስጥ የማስበው ስለ ብርሃኑ ነበር፤ ጠዋት ይሻላል ወይስ ወደ አመሻሹ?

ኢብራሂም ደወለ። «ነገርካቸው?»

«ነገርኳቸው።»

«ደስ አላቸው?»

«ባዶውን ጮጮ እቅፍ አድርገው ፈገግ አሉ» አልኩት።

ዝርዝር ጨመርኩበት! ዝርዝር ያለው ውሸት እንደሚታመን ከእኔ በላይ ማን ያውቃል? ኢብራሂም ያንኑ ቃል በቃል ለኤሌና ጻፈላት። በስልክ ላገናኛቸው ሲለኝም ጆሯቸው አይሰማም፣ የሚግባቡበት ቋንቋም የላቸውም፣ ሲገናኙ ይሻላል ብዬ አሳመንኩት። አንድ ውሸት ለመጠበቅ ስንት ተጨማሪ እንደሚያስፈልግ አላውቅም ነበር፤ አሁን አውቃለሁ፣ በቀን በቀኑ ጽፌዋለሁና።

በየሳምንቱ እየሄድኩ እጠይቃቸው ጀመር። ቤተኛ ሆንኩ። እሳቸው እየከሱ ነበር። ላሞቹ ሞተዋል፤ ምግብ አይወስዱም፤ ግን በየቀኑ ወጥተው መንገዱ ዳር ይቀመጣሉ። በሃያ ሦስተኛው ቀን ሙና ደወለችልኝ። ሽማግሌዎቹና እሷ ተነጋግረው ለሐሊማ ሰላተል ጋኢብ ሊሰገድ ነው አለችኝ። አስከሬኑ በሌለበት ለሞተ ሰው የሚሰገድ ሰላት ነው። ሠላሳ ስምንት ዓመት ሲለመኑ እምቢ ያሉ እናት እሺ ብለው ነበር።

ሄድኩ። ይህን ልድገመው፦ ሄድኩ። ከመስጊዱ አጥር ውጭ ግራር ሥር ከተቀመጡት ሰዎች ጋር ተቀመጥኩ። ሰላቱ አጭር ነው፤ አይጎነበሱም፣ ግንባራቸውንም መሬት አያስነኩም፣ ቆመው ይጨርሳሉ። እኔ በሕይወት ላለች ሴት የሙት ሰላት ሲሰገድ ሰማሁ። ፎቶግራፏ ኪሴ ውስጥ፣ ስልኬ ላይ ነበር። ከዚያ ወደ ቤት ተከትዬ ገባሁ። አዴ ፋጡማ ጮጮውን አውርደው፣ ምላጭ ጠይቀው፣ ያንን ባዶ ክር ቆረጡት። በአምስት እርምጃ ርቀት ላይ ነበርኩ። «አዮ፣ አትቁረጡት» ማለት ምን ያህል ትንፋሽ ይወስዳል? እኔ በልቤ ቀን ቆጠርኩ። ቪዛዋ ሊደርስ ነው፤ ጥቂት ቀን ነው የቀረው፤ ከሐዘን በኋላ የሚመጣ ደስታ ደግሞ ፊት ላይ እንዴት ይታያል? አዎ፣ ይህን አሰብኩ። እያዩኝ፣ እጃቸው ላይ ምላጩን ይዘው፣ ይህን አሰብኩ።

ከዚያ ቀን በኋላ አልሄድኩም። መሄድ አቃተኝ። በአርባ አንደኛው ቀን ሙና ደወለች። አዮ የንጋቱን ሰላት፣ ሱብሒ ሰግዳ ተኛች፣ አልነቃችም አለች።

ኤሌና ከዘጠኝ ቀን በኋላ ደረሰች። የእናቷን ሞት ኢብራሂም ጽፎላት ነበር፤ ለሙና ግን እህቷ ሕያው መሆኗን የነገርኳት በዋዜማው በስልክ ነው፣ መቼ እንዳወቅሁ ሳልናገር። ረጅም ናት፤ እንደ እናቷ አንገቷን ወደ ግራ ታዘነብላለች። ኢብራሂም በክራንች ቆሞ ይተረጉማል። ከሙና ጋር ተቃቅፈው ብዙ ቆዩ። ከዚያ ኤሌና ጠየቀች፤ ኢብራሂምም በኦሮምኛ አስተላለፈው፦ በሕይወት እንዳለሁ ስትሰማ አዮ ምን አለች? ጮጮውን እቅፍ አድርጋ ፈገግ ማለቷ እውነት ነው?

ሙና ቀና ብላ አየችኝ። ኢብራሂምን አላየችም፣ እህቷን አላየችም፤ እኔን። ሁሉም ነገር ሲገባት ፊቷ ላይ አየሁት። የመጀመሪያውን ፊት ፈልጌ አልነበር? አገኘሁት። ከዚያ ወደ እህቷ ዞራ፣ እውነት ነው፣ በጣም ደስ ብሏት ነበር አለች።

ውጭ ስንወጣ አጠገቤ መጥታ በአማርኛ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ነገረችኝ። «አንተ ጋዜጠኛ። ውሸቱ ያንተ ነው። ለእህቴ ብዬ ግን ዛሬ በኔ ጀርባ ላይ ወጣ። ሁለተኛ እዚህ ደጅ እንዳላይህ።»

ዘገባው ተላለፈ። «እናት ልጃቸው በሕይወት መኖሯን ሰምተው በተስፋ ሲጠብቁ አረፉ» ይላል። ጽሑፉ የእኔ፣ ድምፁ የእኔ። ተመሰገንኩበት። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ሆን ብዬ የሐሰት ነገር ያስተላለፍኩት ያን አንድ ቀን ነው። አንድ ቀን ብቻ ነው ማለቴ ራሱ ማመካኛ ይመስላል፤ ይሁን፣ ቁጥሩ ግን ትክክል ነው።

ኤሌና ስፔን ተመልሳ ትልቁን ሥዕሏን ሠራች። «አዮ ሰማች» ይባላል። ሙዚየሙ የገዛው እሱን ነው። ኢብራሂም ምስሉን ሲያሳየኝ ከወንበሬ ተነስቼ ቆምኩ። ያው ጣቢያ ነው፣ ያው ታንከር፤ አሁን ግን ሴትዮዋ ዞራለች። ፊት አላት፤ ኤሌና የእናቷን ፊት ስላላስታወሰች የሙናን ፊት አስረጅታ ሣለችው። ባዶውን ጮጮ አቅፋ ፈገግ ብላለች። ጉንጯ በትንሹ አበጥ ያለ ነው፤ አንድ ነገር እንደደበቀች ልጅ። ማስታወስና መናፈቅ እንዲህ ባለ ልክ፣ ያለ አንዳች ጩኸት ሲሣል አላየሁም። የኩባ ስደተኞች ከሠሯቸው ሥራዎች ሁሉ ይህን የሚያስበልጡ አሉ፤ እኔም እስማማለሁ። መሐሉ ላይ ያለው ግን የእኔ ፈጠራ ነው። ያቺ የሃቫናዋ ሠዓሊ የወለሉን አንድ ንጣፍ ነጭ አድርጋ ተወች። እኔ የኤሌናን ነጭ ንጣፍ በውሸት ቀለም ሞላሁባት።

ዘንድሮ ኤሌና የሕይወቷን መጽሐፍ ጻፈች። ኢብራሂም ስለ ሐረርጌ የሚናገረውን ምዕራፍ ወደ አማርኛ መልሶ አመጣልኝ። ከላዩ የእሷ ማስታወሻ አለበት፦ «ቀንና ቦታ የማይስት ሰው አንተ ነህ። እባክህ አርምልኝ።» በአንድ ቁጭታ አነበብኩት። ኩባ ውስጥ «ኢትዮጵያዊቷ»፣ ስፔን ውስጥ «ኩባዊቷ»፣ ቦርደዴ ውስጥ «ፈረንጅዋ» እንደተባለች ትተርካለች፤ ቅሬታ የለባትም፤ ሦስቱንም ስም እንደ ሦስት ቀሚስ አጥፋ ታስቀምጣቸዋለች። የውሃ ታንከሩ እግር አራት ነው ብላ ጽፋለች። ሦስት ይመስለኝ ነበርና ሚኤሶ ሄጄ ቆጠርኩ። አራት ነው። በሰባት ዓመቷ ያየችውን አልሳተችም።

ከዚያ እዚህ ዓረፍተ ነገር ላይ ደረስኩ፦ «እናቴ በሕይወት መኖሬን ያወቀችባቸው አርባ አንድ ቀናት አብረን የኖርናቸው ቀናት ናቸው። ሌላ የለንም።»

እስክሪብቶዬን አስቀመጥኩ። በማግስቱ ቦርደዴ ወረድኩ።

ሙና ደጇ ላይ ነበረች። ጸጉሯ ሸብቷል። «ሞቷል ብዬ ነበርኮ አንተን» አለችኝ። «ምን ረሳህ?»

ምዕራፉን አነበብኩላት። እስከ መጨረሻው ሰማችኝ። ዝም አለች፤ እኔም እንደ ልማዴ ዝም አልኩ፤ ግን ያን ቀን ዝምታው የከበደው እኔን ነው።

«ጻፍላት» አለች በመጨረሻ። «ደክሞኛል። ግን የኔንም ጻፍ። አዮ ያን ሰላት አልፈለገችም። እኔ ነኝ ያስገደድኳት። እረፊ ብዬ፣ አልቅሼ፣ አልበላም ብዬ። ዘጠኝ ዓመት ይሄ ነው ሌሊት የሚቀሰቅሰኝ፤ በሕይወት ላለች እህቴ ያሰገድኩት እኔ ነኝ። አንተ አፍህን ብትከፍት ኖሮ...» አልጨረሰችውም።

ተነስታ ገባች። ጮጮውን ይዛ ወጣች። አምስቱ አዝራሮች አሉ። በስድስተኛው ቦታ ክር አለ።

«ቆርጠውት ነበር» አልኩ። «አይቻለሁ።»

«ቆርጣው ነበር። በማግስቱ መርፌ አምጪ አለችኝ። ይሄ ሌላ ነው፤ እየው፣ ቀይ ነው። ልቤ አልተቀበለውም፣ ልጄ ሕያው ናት አለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ተመልሳ መንገድ ዳር ተቀመጠች። አንተ የለህም፤ ጠፍተህ ነበር።»

ቀዩን ክር እያየሁ ቀኑን ቆጠርኩ። አሥራ ስምንት ቀን። ማንም ሳይነግራቸው፣ ሁሉም ሞታለች ብሎ ከሰገደ በኋላ፣ ብቻቸውን አሥራ ስምንት ቀን ጠበቁ። እኔ የፈጠርኩት ፈገግታ ከዚህ ክር አጠገብ ምንድን ነው? ለኤሌና የሐሰት አርባ አንድ ቀን ሰጥቼ የወሰድኩባት ይህንን ነበር።

ይህ እኔን እንደማያድነኝ ግን በግልጽ ላስቀምጥ። እውነቱ ከውሸቱ የተሻለ ሆኖ መገኘቱ የእኔ ሥራ አይደለም፤ የአዴ ፋጡማ ሥራ ነው። እሳቸው ያን ክር ሲሰፉ እኔ ጭሮ ቁጭ ብዬ ስለ ካሜራ ቦታ አስብ ነበር።

የዚያኑ ዕለት ሁሉንም ለኢብራሂም ነገርኩት። ረጅም ጊዜ በስፓኒሽ ተናገረ፤ አልተረጎመልኝም። ከዚያ ደብዳቤዬን ተቀብሎ ተረጎመው፤ አንድ ቃል አላለዘበም፤ እኔም እንዳያለዝብ ለምኜዋለሁ። የቀይ ክሩን ፎቶግራፍ አብሬ ላክሁ። በምዕራፉ ኅዳግ ላይ የጻፍኩት እርማት ይህ ነው፦ «"ያወቀችባቸው አርባ አንድ ቀናት" የሚለው ስህተት ነው። እናትሽ አልሰሙም። በእነዚያ ቀናት የማውቀው እኔ ነበርኩ፣ አልነገርኳቸውም። ፈገግታውን የፈጠርኩት እኔ ነኝ። እናትሽ ሳያውቁ ጠበቁሽ። የቀረው በሙሉ ትክክል ነው።»

ከላክሁት ሁለት ወር አለፈው። መልስ አልመጣም፤ ኢብራሂምን መጣ ወይ ብዬ አልጠይቀውም። ይቅርታ ልጠይቃቸው የሚገባኝ ሴትዮ ከአፈር በታች ናቸው፤ ሁለቱ ልጆቻቸው ይቅር እንዲሉኝ ደግሞ መጠየቅ ሌላ ነገር እንዲሸከሙልኝ መጠየቅ ነው። አልጠይቅም። አርባ አንድ ቀን አውቄ አልነገርኳቸውም። እርማቱ ይኸው ነው፤ ዘጠኝ ዓመት ዘግይቷል።